የሻላ ፔሊካኖች ለምን ሄዱ? ጀልባና የዓሣ ጫጩት ይመልሷቸዋል?

የአንባቢ ጥያቄ፦ “የአርሲ ነገሌ አካባቢ ልጆች ነን። አባቶቻችን ሲያወሩ፣ ሻላ ሐይቅ ላይ ያለችው ደሴት በነጭ ወፍ ተሸፍና ከሩቅ በረዶ የጣለባት ትመስል ነበር ይላሉ። እኛ ካደግን ወዲህ ወፎቹ ቀንሰዋል፤ አንዳንድ ዓመት ጭራሽ አይታዩም። አሁን ሰባት ሆነን ማኅበር አቋቁመናል። ሁለት ሐሳብ አለን። አንደኛ፣ ሻላ ውስጥ የዓሣ ጫጩት ጨምረን ወፎቹ እዚያው እንዲመገቡ ማድረግ። ኬንያ ናኩሩ ሐይቅ ላይ እንዲህ ተደርጎ ተሳክቷል ሲባል ሰምተናል። ሁለተኛ፣ ጀልባ ገዝተን ጎብኚ ወደ ደሴቷ ማመላለስና በገቢው ደሴቷን መጠበቅ። ወፎቹን ያባረራቸው ሰው ነው የሚሉ አሉ። የሶዳ አሽ ፋብሪካው ነው የሚሉም አሉ። ፍላሚንጎው ግን አሁንም ሞልቷል፤ ዝዋይ ወደብ ላይም ፔሊካን አይጠፋም። እውነቱ የቱ ነው? ሐሳባችንስ ያዋጣል?”

ሁለቱም ሐሳብ አያዋጣም። ጀልባውን አትግዙ። የዓሣ ጫጩቱንም ሻላ ውስጥ አትጨምሩ። ልፋታችሁንና ገንዘባችሁን የምታውሉበት ሌላ ቦታ አለ፤ እሱም ከደሴቷ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ ይጀምራል። ለምን እንደዚህ እንደምል ላስረዳ።

ነገሩ ወዲህ ነው። ፔሊካን የሚተኛበትና የሚበላበት ቦታ አንድ አይደለም። ሻላ ከስምጥ ሸለቆ ሐይቆቻችን ሁሉ ጥልቁ ነው። 266 ሜትር ይወርዳል። ድሮ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ መሬቱ ወደ ውስጥ ሲደረመስ የተፈጠረ ጎድጓዳ ነው። ውሃው ጨውና ሶዳ የበዛበት ነው። ወንዞቹ በሚገቡበት አካባቢ ትንንሽ ዓሣ ቢገኝም፣ ለሺህ ፔሊካን ቀለብ የሚሆን ዓሣ ግን የለውም። በአባቶቻችሁም ዘመን አልነበረውም። ደሴቷ በወፍ ተሸፍና ስትታይ የነበረው ሻላ ዓሣ ስለነበረው አይደለም።

ታዲያ እዚያ ምን ይሠራሉ? ይወልዳሉ። ነጩ ፔሊካን ትልቅ ወፍ ነው። ወንዱ 10 ኪሎ ግራምና ከዚያም በላይ ይመዝናል። ክንፉ ሲዘረጋ 3 ሜትር ይደርሳል። ይህን የሚያህል ወፍ ዛፍ ላይ ጎጆ አይሠራም፤ እንቁላሉን መሬት ላይ ይጥላል። ጎጆ የሚባለውም ቢሆን ትንሽ ጭራሮና ሣር የተሰበሰበበት ጎድጓዳ አፈር ነው። አብዛኛውን ጊዜ ሁለት እንቁላል ይጥላል፤ ከሁለቱ ጫጩቶች ግን ብዙ ጊዜ የሚተርፈው አንዱ ነው። መሬት ላይ የተቀመጠ እንቁላል ለጅብ፣ ለቀበሮ፣ ለውሻ፣ ለእረኛ ልጅም ቅርብ ነው። ስለዚህ ፔሊካን አጥር ያለው ግቢ ይፈልጋል። የሻላ ደሴት አጥሯ ዙሪያዋን የከበባት ጥልቅ ውሃ ነው። ሰው አይኖርባትም፣ ከብት አይረግጣትም፣ ጅብ ዋኝቶ አይደርስባትም።

ጓዳቸው ደግሞ አቢጃታ ነበር። ከሻላ ጋር አጥር ለአጥር ያለ ጎረቤት ነው፤ በመካከላቸው ያለው ጠባብ መሬትና የፊቄ ተራራ ብቻ ነው። አቢጃታ የሻላ ተቃራኒ ነው። ጥልቀት የለውም፤ በደኅናው ጊዜም ጥልቅ የሚባለው ቦታ 14 ሜትር ገደማ ነበር። ፀሐይ የምታሞቀው፣ በአረንጓዴ አልጌ የሚሞላ ሐይቅ ነው። ቆሮሶ የሚባለው ዓሣ አልጌውን በልቶ ይፋፋ ነበር። ፔሊካን ጠልቆ የሚያድን ወፍ አይደለም። ውሃው ላይ ተንሳፍፎ፣ አንገቱ እስከሚደርስበት ድረስ ብቻ ነው የሚያጠምደው። በቡድን ሆነው በግማሽ ክብ ይሰለፉና ዓሣውን ወደ ጥልቀት የሌለው ዳር ይነዱታል። ከዚያ ሁሉም ባንድ ጊዜ መንቁራቸውን ይነክራሉ። ለእንዲህ ዓይነት አደን አቢጃታ የተሰጠ ነበር።

በጠዋት ሻላ ዳር ቆሞ በመነጽር ያየ ሰው የማይረሳው ነገር አለ። ፔሊካኖቹ ከንጋት ጀምሮ አይነሱም። ከባድ ስለሆኑ ክንፋቸውን እያራገቡ ተራራ ቢሻገሩ ጉልበታቸውን ይጨርሳሉ። ስለዚህ ቁጭ ብለው ይጠብቃሉ። ፀሐይ መሬቱን አሙቃ ሞቃት አየር ወደ ላይ መነሳት ሲጀምር፣ ጠዋት ሦስት ሰዓት አካባቢ፣ አንዱ ይነሳል። ሌሎቹ ይከተሉታል። ሞቃቱ አየር ላይ እየዞሩ፣ ክንፍ ሳያርገበግቡ፣ ነጥብ እስኪመስሉ ድረስ ከፍ ይላሉ። ከዚያ ክንፋቸውን ዘርግተው ወደ አቢጃታ ይንሸራተታሉ። መሄጃው ነዳጅ አያስወጣም ማለት ነው። አንዱ ወላጅ እንቁላሉን ታቅፎ ሲቀመጥ ሌላው ጓዳ ደርሶ ይመለሳል፤ ከዚያ ይቀያየራሉ። ይህን ኑሮ በ1960ዎቹ (እ.ኤ.አ.፤ ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም ሁሉ እንዲሁ ናቸው) ደሴቷ ድረስ ሄደው በዝርዝር ያጠኑት ሌስሊ ብራውንና ኤሚል ኧርባን ናቸው። ኧርባን በያኔው ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ ያስተምር ነበር። ጥናታቸው በ1969 ታትሟል። ስለ ነጭ ፔሊካን አወላለድ ዓለም ከሚያውቀው ብዙው የተገኘው ከዚህችው ከሻላ ደሴት ነው። ይህን የአካባቢው ልጆች ማወቅ አለባችሁ ብዬ አምናለሁ።

አሁን ሂሳቡን እንሥራው። አንድ ፔሊካን በቀን 1 ኪሎ ግራም ገደማ ዓሣ ይፈልጋል። አንድ ሺህ ጥንድ ደሴቷ ላይ ሰፈረ እንበል። ለወላጆቹ ብቻ በቀን 2,000 ኪሎ ግራም፣ ማለትም 20 ኩንታል ዓሣ ነው። የጫጩቶቹን ገና አልቆጠርንም። እንቁላሉ ለመፈልፈል ከአንድ ወር በላይ ይወስዳል። ጫጩቱ ክንፍ አውጥቶ ለመብረር ሌላ ሁለት ወር ከምናምን። ሲደመር ከሦስት ወር በላይ፣ አንድም ሳምንት ሳይቋረጥ፣ ይህን ያህል ዓሣ በቅርብ መገኘት አለበት። መሃል ላይ ቢቋረጥ ወላጆቹ ትተው ይሄዳሉ። ጭካኔ አይደለም። ብዙ ዓመት የሚኖር ወፍ ራሱን አድኖ በሌላ ዓመት መውለድ ስለሚችል ነው።

ይህ በሻላ ፔሊካን ላይ ብቻ የሚደርስ አይደለም። ፔሩ የባሕር ዳርቻ ላይ ሰው የማይኖርባቸው ደረቅ ደሴቶች አሉ። ኮርሞራንትና ሌሎች የባሕር ወፎች በሚሊዮን እየሆኑ ይፈለፈሉባቸዋል። የወፎቹ ኩስ ማዳበሪያ ስለሆነ፣ መንግሥት ከ1909 ጀምሮ ለደሴቶቹ አስተዳዳሪ ድርጅት አቋቋመ፤ ጠባቂም ቆመላቸው። ወፎቹም በዙ። ይሁን እንጂ የሚበሉት አንቾቪ የሚባለውን ትንሽ ዓሣ ነው። ባሕሩ በኤልኒኞ ሲሞቅ ዓሣው ይርቃል፤ ወፎቹም ጎጇቸውን ጥለው ይበተናሉ። በላዩ ላይ የዓሣ ፋብሪካዎች መጡ። በ1972 የአንቾቪው ምርት ተንኮታኮተ። በ1950ዎቹ ከ15 ሚሊዮን በላይ የነበሩት ወፎች ጥቂት ሚሊዮን ብቻ ቀሩ። ደሴቶቹ ያኔም ዘበኛ ነበራቸው። እናንተም ደሴቷን እንጠብቅ ስትሉ ይህን አስቡት።

ወደ አቢጃታ ልመለስ። ምን ነካው? አቢጃታ መውጫ የለውም። ወደ እሱ የሚገባ እንጂ ከእሱ የሚወጣ ወንዝ የለም። በሞቃቱ ስምጥ ሸለቆ በዓመት ከዝናብ የሚያገኘው ውሃ በትነት የሚያጣውን ግማሽ እንኳ አይሞላም። ልዩነቱን የሚሞሉለት ሁለት ወንዞች ናቸው። አንዱ ከላንጋኖ የሚመጣው ሆራ ቀሎ ነው። ሌላው፣ ዋናው፣ ከዝዋይ ሐይቅ፣ አሁን ደምበል ከምንለው፣ የሚወርደው ቡልቡላ ነው። የፔሊካኖቹ ዕጣ ያለው እዚህ ወንዝ ላይ ነው።

ዝዋይ ሰፊ ነው እንጂ ጥልቅ አይደለም። አማካይ ጥልቀቱ ከ3 ሜትር አይበልጥም። እንደ ሰፊ ትሪ አስቡት። ቡልቡላ የሚፈሰው ትሪው ከአፉ በላይ ሲሞላ ነው። የዝዋይ ውሃ ትንሽ ዝቅ ባለ ቁጥር ቡልቡላ ይሳሳል። ከአፉ በታች ሲወርድ ጭራሽ ይቆማል። ዝዋይን የሚሞሉት ደግሞ መቂና ከታር ናቸው። በእነዚህ ወንዞች ዳርና በሐይቁ ዙሪያ በብዙ ሺህ የሚቆጠር ፓምፕ አለ። ሽንኩርቱ፣ ቲማቲሙ፣ ጎመኑ የሚጠጣው ከዚያ ነው። የአበባ እርሻዎችም አሉ። የባቱ ከተማም ትጠጣለች። ቡልቡላ ራሱም ወደ አቢጃታ ሲወርድ በመንገዱ እየተቀዳ ነው። እያንዳንዱ ፓምፕ ለብቻው ትንሽ ነው። ሲደመሩ ግን መጨረሻ ላይ ያለውን አቢጃታን አጎደሉት። መውጫ የሌለው ሐይቅ የመስመሩ የመጨረሻ ተሰላፊ ነው፤ ሌላው ወስዶ የተረፈውን ነው የሚያገኘው።

የሶዳ አሽ ፋብሪካው ጥያቄ እዚህ ጋ ይመጣል። እውነት ነው፣ ከ1980ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ የአቢጃታ ውሃ በቀጥታ ወደ ማትነኛ ገንዳ እየተሳበ ሶዳ ወጥቶበታል። ቀድሞውኑ እየጎደለ ካለ ሐይቅ ውሃ መሳብ ጉዳት አለው። እሱን አልክድም። ነገር ግን ጥፋቱን በሙሉ ፋብሪካው ላይ መጫን ስህተት ነው፤ አደገኛም ነው። ነገ ፋብሪካው ለዘለዓለም ቢዘጋ ቡልቡላ ካልፈሰሰ አቢጃታ አይሞላም። ሁላችንም ወደ አንድ ጭስ ማውጫ ስንጠቁም፣ ሺው ፓምፕ ሥራውን ይቀጥላል።

ሐይቁ በ1970ዎቹ መጀመሪያ ወደ 200 ካሬ ኪሎ ሜትር ይጠጋ ነበር። ከዚያ ወዲህ ከግማሽ በታች የወረደባቸው ዓመታት አሉ። ውሃው ሲቀንስ ጨውና ሶዳው አብሮ አይሄድም፤ እዚያው ይቀራል። ሾርባ ምድጃ ላይ ተረስቶ ውሃው ሲተን ጨዋማ እንደሚሆነው ነው። ቆሮሶ ብርቱ ዓሣ ቢሆንም ልክ አለው። ከዚያ ልክ ሲያልፍ መጀመሪያ እንቁላሉና ትንንሹ፣ ከዚያ ትልቁም ያልቃል። በመጨረሻ ዓሣ የቀረው ጨው ያልበዛበት የወንዝ ውሃ በሚገባባቸው አፎች፣ በተለይ በሆራ ቀሎ አፍ አካባቢ ብቻ ሆነ። ጓዳው ባዶ ሲሆን መኝታ ቤቱ ምንም ያህል ደኅና ቢሆን ማን ይቀመጣል?

ሌላ ሐይቅ ሄደው አይበሉም ወይ የሚል ጥያቄ ይመጣል። ይሄዳሉ። ላንጋኖ አለ፣ ዝዋይ አለ፣ ሐዋሳ አለ። ፔሊካን ሩቅ በራሪ ነው። ግን ዝዋይ ከሻላ በቀጥታ መስመር 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ለራሱ ሆድ ያዋጣዋል። ሆዱን ሞልቶ ተመልሶ ለሦስት ወር ጫጩት ማሳደግ ግን ሌላ ነገር ነው። አንድ ቀን ሞቃቱ አየር ዘግይቶ ቢነሳ፣ ሰማዩ ቢደምን፣ ጫጩቱ ሳይበላ ያድራል።

እዚህ ጋ ጥያቄያችሁ ውስጥ ያሉትን ሁለት አሳሳች ምልክቶች ላንሳ። ፍላሚንጎ መብዛቱ ሐይቁ ደኅና ነው ማለት አይደለም። ፍላሚንጎ የሚበላው ጨዋማ ውሃ ውስጥ የሚገኘውን ደቂቅ አልጌና ጥቃቅን የውሃ እንስሳት እንጂ ዓሣ አይደለም። ዓሣውን የገደለው ለውጥ ለእሱ ለጊዜው ድግስ ሊሆን ይችላል። ያውም ለጊዜው ነው፤ ውሃው ከመጠን በላይ ሲመርር እሱም ይሄዳል። አቢጃታ ዳር ሮዝ ምንጣፍ ያየ ጎብኚ ደስ ብሎት ይመለሳል፤ የፔሊካኑን ችግር ግን አላየም።

ሁለተኛው የዝዋይ ወደብ ፔሊካን ነው። ይሄኛው ብዙ ሰው ያታልላል። ዓሣ አጥማጆች ዓሣ ሲያርዱ የሚጥሉትን ሆድ ዕቃ ለመልቀም አባ ኮዳ ከሚባለው ትልቅ ወፍ ጋር ተሰልፈው የሚቆሙት ወፎች ትልልቆቹ ናቸው። ፔሊካን 20 ዓመትና ከዚያም በላይ ሊኖር ይችላል። ስለዚህ ለአሥር ዓመት አንድም ጫጩት ሳያሳድግ ወደቡ ላይ ሞልቶ ሊታይ ይችላል። ትልልቆቹን ቆጥሮ “አሉ” ማለት፣ መንደር ውስጥ አያቶችን ብቻ አይቶ መንደሩ ደኅና ነው እንደ ማለት ነው። መቁጠር ያለብን ጫጩት ነው። በአንጻሩ “ዘሩ ሊጠፋ ነው” የሚለውም ትክክል አይደለም። ነጭ ፔሊካን በአፍሪካ፣ በአውሮፓና በእስያ በብዙ ቦታ ይኖራል፤ በዓለም ደረጃ ለመጥፋት ከተቃረቡት ውስጥ አይቆጠርም። እኛ የምናጣው ቦታውን ነው። በአፍሪካ ከሚታወቁት ትላልቅ መራቢያዎቹ አንዱን።

አሁን ወደ ዓሣ ጫጩቱ። የናኩሩ ታሪክ እውነት ነው። ከማጋዲ ሐይቅ የመጣ፣ ሶዳ የለመደ ትንሽ ዓሣ ከ1950ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ናኩሩ ውስጥ ተጨመረ። የመጣው የወባ ትንኝ ዕጭ እንዲበላ ነበር። ዓሣው በዛ፤ ፔሊካን ተጠራርቶ መጣ። በ1960ዎቹ መጨረሻ ደግሞ በአቅራቢያው ባለው ኤልመንታይታ ሐይቅ ድንጋያማ ደሴቶች ላይ መውለድ ጀመረ። ግን ልብ በሉ። ናኩሩ እንደ አቢጃታ ያለ ሐይቅ ነው፦ ጥልቀት የሌለው፣ በአልጌ የሚሞላ፣ ሙቅ። እንደ ሻላ አይደለም። ሻላ ውስጥ የምትጨምሩት ዓሣ በ266 ሜትር ጥልቀት ላይ የሚበላው አያገኝም። ቢተርፍ እንኳ ጥቂቱ ዳር ዳሩን ይይዛል እንጂ በቀን 20 ኩንታል አያወጣም። በዚያ ላይ ናኩሩም ቢሆን በደረቀባቸው ዓመታት ዓሣው አልቋል፤ ወፉም ሄዷል። ዓሣ መጨመር ውሃን አይተካም።

አቢጃታ ውስጥስ ብንጨምር? አሁን ባለው ጨው ላይ ከጨመራችሁ ለአሞራ ምሳ ነው። ጨው ከቻለ ብላችሁ ከሌላ አገር እንግዳ ዓሣ ብታመጡ ደግሞ በሆራ ቀሎና በቡልቡላ በኩል ወደ ላይ ወጥቶ የላንጋኖና የዝዋይ አጥማጆችን እንጀራ ሊነካ ይችላል። አንዴ የገባ ዓሣ አይመለስም። ብሔራዊ ፓርክ ውስጥ ያለ ፈቃድ ይህን ማድረግም ያስጠይቃል። ደስ የሚለው ነገር፣ አስፈላጊም አይደለም። ውሃው ሲመለስና ጨውነቱ ሲላላ ቆሮሶው በወንዞቹ አፍ ከተጠለለበት ራሱ ይስፋፋል። ዘሩን ወንዞቹ ይዘውታል።

ጀልባው ላይ ሳላለዝብ እናገራለሁ፤ ከሁሉ የሚያስፈራኝ እሱ ነው። እስካሁን ደሴቷን ያተረፋት ሰው አለመድረሱ ነው። በወሊድ ወቅት አንድ ጀልባ ሲጠጋ ትልልቆቹ ወፎች ባንድ ጊዜ ብድግ ይላሉ። እንቁላሉ ፀሐይ ላይ ይቀራል። የፔሊካን ጫጩት ሲፈለፈል ላባ የለውም፤ ራቁቱን ነው። እናቱ ክንፏን ዘርግታ ካላጠላችለት ቀትር ላይ ብዙ አይቆይም። አባ ኮዳና ጥንብ አንሳ ደግሞ ይህንን ቀዳዳ ነው የሚጠብቁት። ወላጆቹ ሲነሱ ወርደው እንቁላልና ጫጩት ይለቅማሉ። ጎብኚው አሥር ደቂቃ ፎቶ አንስቶ ይመለሳል፤ የአንድ ዓመት ልጅ አልቋል። ለመውለድ ገና ቦታ እየመረጠ ያለ መንጋ ከሆነ ደግሞ አንድ ጊዜ መረበሹ ብቻ ትቶ ለመሄድ ይበቃዋል። “ቀስ ብለን ዞረን እንመለሳለን” የሚለው አይሠራም። ካፒቴኑ ጠንቃቃ ቢሆንም የከፈለው ሰው ጠጋ በልልኝ ማለቱ አይቀርም። የሰው ደኅንነትም አለ። የሻላ ዳር ገደላማ ነው፤ ከሰዓት በኋላ ነፋሱ ሲነሳ ማዕበሉ ቀላል አይደለም። ጀልባ ቢገለበጥ የሚደርስ አጋዥ በአቅራቢያ የለም።

ሰው ረብሿቸው ነው የሄዱት ለሚለው ወሬ ግን መልሴ፣ ዋናው ምክንያት ረብሻ አይደለም የሚል ነው። ጀልባው ያንን ወሬ እውነት እንዳያደርገው እንጂ።

ከዝዋይ የዓሣ ትራፊ ገዝተን እንመግባቸው የሚሉም አይጠፉም። ሂሳቡን ከላይ አይታችሁታል። ደሴቷ ላይ ጎጆ እንሥራላቸው የሚለውም እንዲሁ ነው፤ የጎደላቸው መሬት አይደለም።

ምን አድርጉ ነው የምለው? ማኅበራችሁን የውሃ ማኅበር አድርጉት። አቢጃታን የሚመልሰው አንድ ነገር ነው፤ ቡልቡላ በየዓመቱ የተወሰነ ውሃ ይዞ እንዲወርድ ድርሻው በሕግና በመለኪያ መቆረጥ አለበት። ሐይቁ ራሱ እንደ አንድ ተጠቃሚ ይቆጠር። ዝዋይ ከዚህ በታች ሲወርድ የፓምፕ ሥራ ይቀነሳል የሚል ወለል ይኑር። ይህን የሚወስነው የተፋሰሱን ውሃ የሚያስተዳድረው መሥሪያ ቤትና ክልሉ ነው፤ እናንተ አይደላችሁም። ግን ውሳኔ የሚያስፈልገው ቁጥር ነው፤ ቁጥሩን ደግሞ ከቦታው ሆኖ ሳያቋርጥ የሚሰበስብ ሰው ያስፈልጋል። ሰባት ወጣት፣ አንድ ሞተር ሳይክልና አንድ ደብተር ከአንድ ጀልባ የበለጠ ይሠራሉ።

ከፓርኩ ጽሕፈት ቤት ጋር ተስማሙ። ለጀልባው ካሰባችሁት ገንዘብ በጥቂቱ አንድ ደኅና ቴሌስኮፕና ማቆሚያውን ግዙ። በሁለቱ ሐይቆች መካከል ካለው ከፍታ ላይ ሆናችሁ፣ በሳምንት አንድ ቀን፣ ጠዋት ወፎቹ የሚነሱበትን ሰዓት ጠብቃችሁ ቁጠሩ። ስንት ተነሳ? ወደ የት አቅጣጫ ሄደ? ወደ አቢጃታ ከሆነ ጓዳው እያገገመ ነው። ወደ ሰሜን ምሥራቅ ርቆ ከሄደ ገና ነው። በደሴቷ ዳር ጠቆር ያሉ፣ መብረር የማይችሉ፣ ተሰብስበው የሚቆሙ ወፎች ካያችሁ ጫጩቶች ናቸው፤ እነሱን ለብቻ መዝግቡ። ጎብኚውንም እዚያው ከፍታ ላይ አምጡት። ቴሌስኮፑ ውስጥ አሳዩት፤ ታሪኩን ንገሩት፤ ያስከፍላል። የሻላን ፍል ውሃና የአቢጃታን ፍላሚንጎ ጨምሩበት። አንድ ማስጠንቀቂያ ግን፦ አቢጃታ የሸሸበት ዳር ከላይ ደረቅ ይመስላል እንጂ ከሥሩ ረግረግ ነው። መኪና ይውጣል። ጎብኚ በእግርም በመኪናም ወደ ውሃው ጠርዝ አትውሰዱ።

ሌላም ጥንቃቄ አለ። የሽንኩርት ገበሬውን ጠላት አታድርጉት። እሱም ልጆቹን ሊያሳድግ ነው የሚቀዳው። ብዙዎቹ ዘመዶቻችሁ ናቸው። በቦይ የሚለቀቀው ውሃ ብዙው ሥር ሳይደርስ ይባክናል፤ በጠብታ መስኖና በሌሊት በማጠጣት ብዙ ማዳን ይቻላል። ያንን ይዛችሁ ብትሄዱ ይሰማችኋል። ወፍ ይዛችሁ ብቻ ብትሄዱ አይሰማችሁም።

ቃል የማልገባላችሁ ነገርም አለ። ውሃው ቢመለስ እንኳ ፔሊካኖቹ በዚያው ዓመት ይመጣሉ ማለት አልችልም። ፔሊካን በየዓመቱ በቋሚ ቀን የሚወልድ ወፍ አይደለም፤ ሁኔታው ሲመቸው ይመጣል፣ ሲከፋው ይዘላል። በአንጻሩ አንድ ጥሩ ክረምት መጥቶ ሐይቁ ከፍ ሲል ችግሩ ተፈታ ብላችሁ እንዳታቆሙ። አቢጃታ ድሮም ከፍ ዝቅ ይላል። መመልከት ያለባችሁ የአንድ ክረምትን ሳይሆን የአሥር ዓመትን ነው። ሻላን ግን በአንድ ነገር አምነዋለሁ። ኤልመንታይታ ሲጎድል ደሴቶቹ ከየብስ ጋር ተገናኝተው ጅብ ሊገባባቸው ይችላል። ሻላ ጥልቅ ስለሆነ ደሴቷ ደሴት ሆና ትቆያለች። መኝታ ቤቱ ሳይነካ ይጠብቃል።

ሥራውን ከዚህ ሳምንት ጀምሩት። ቡልቡላ ከተማ ድልድዩ ሥር፣ ልጆች የማይነቅሉት ቦታ ላይ፣ በሴንቲ ሜትር የተሰመረ እንጨት ወይም ብረት በፈቃድ አቁሙ። በየጠዋቱ አንድ ሰው አይቶ ቀኑንና ቁጥሩን ይጻፍ። ውሃ ባይኖርም “ዜሮ” ብሎ ይጻፍ፤ ዜሮውም ቁጥር ነው። ሆራ ቀሎ ላይም እንዲሁ። የደሴቷን ወፍ የምትቆጥሩበት ደብተርና ይሄኛው አንድ ደብተር ይሁን፤ በግራ ገጽ ውሃው፣ በቀኝ ገጽ ወፉ።